«ፍላሽድ አዌይ»ን ያሰመጠው ኮምፒውተሩ አይደለም፦ ለአንድ የፊልም ሒስ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ «ፍላሽድ አዌይ» በአማርኛ የተጻፈ ረዘም ያለ ሒስ እጅ ለእጅ ሲዘዋወር ሰንብቷል። ፊልሙን የብሪስቶሉ አርድማንና የካሊፎርኒያው ድሪምወርክስ አኒሜሽን በጋራ ሠርተው በ2006 ነው ያወጡት (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታትና ቀኖች ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው)። ለማያስታውሱት፦ ሮዲ በለንደን ኬንሲንግተን በሀብታም ቤት ተቀማጥሎ የሚኖር የቤት አይጥ ነው። አንድ የቦይ አይጥ በዕቃ ማጠቢያው ቱቦ ወጥቶ ቤቱን ሲወርስበት፣ አታልዬ በሽንት ቤቱ ውሃ እልከዋለሁ ብሎ ያስባል። ተለቅቆ የሚሄደው ግን ራሱ ሮዲ ነው። ከመሬት በታች ከሰው ልጅ ቆሻሻ የተሠራች ሌላ ለንደን ትጠብቀዋለች፤ ሪታ የምትባል የጀልባ አዛዥም እንዲሁ።

ሒሱ ባጭሩ የሚለው ይህን ነው። አርድማን የሚታወቀው ከፕላስቲሲን (ከማይደርቅ ሸክላ መሰል ነገር) የተሠሩ አሻንጉሊቶችን በእጅ ትንሽ በትንሽ እያንቀሳቀሰ ፎቶ በማንሣት፣ ስቶፕ ሞሽን በሚባለው ዘዴ ነው፤ ገንዘብ ለመቆጠብ ሲል ግን ፕላስቲሲኑን ጥሎ ኮምፒውተር አነሣ። «ውሃው አስቸገረን» የሚለው ሰበብ ነው። አይጦቹ የአርድማን ፊት የተለጠፈባቸው ተራ የሆሊውድ ገጸ ባሕርያት ናቸው። ተመልካች ፊቱን ስላዞረ ፊልሙ ከሰረ፤ ኪሳራው ደግሞ የሁለቱን ስቱዲዮዎች ትዳር አፈረሰ። ቀልዱም ለእንግሊዞች ካልሆነ አይገባም። ጸሐፊው ፊልሙን ደጋግመው እንዳዩት ያስታውቃል፤ የፊልሙን ክፉ ጉርጥ በድምፅ ስለሚጫወተው ስለ ኢያን ማኬለን የጻፉት አንቀጽ ልክ ነው፣ አንነካውም። በቀረው ላይ ግን እንከራከራለን።

በገንዘቡ እንጀምር፤ ይህ በቁጥር የሚያልቅ ነገር ነው። በአሻንጉሊት የተሠራው የአርድማን «ችክን ረን» (2000) ወደ 45 ሚሊዮን ዶላር ፈጀ። የዋላስና ግሮሚት (የአርድማን ዝነኛ ሰውዬና ውሻው) የመጀመሪያው ሙሉ ፊልም (2005) ወደ 30 ሚሊዮን። «ፍላሽድ አዌይ» 149 ሚሊዮን። ቁጠባ ፈልጎ ከ30 ወደ 149 የሚሄድ የለም። ልዩነቱ ከየት እንደሚመጣ ለመረዳት አንዲት የክብሪት ሣጥን ትበቃለች። በአሻንጉሊት ፊልም የክብሪት ሣጥን ከሱቅ ተገዝታ ቦታዋ ላይ ትቀመጣለች፤ አለቀ። በኮምፒውተር ግን አንዱ ባለሙያ ቅርጿን ይሠራል፣ ሌላው የወረቀቷን ሸካራነትና የተላጠ ቀለሟን ይሥላል፣ የምትከፈት ከሆነ ሦስተኛው መገጣጠሚያ ይሰጣታል፣ አራተኛው ያበራታል። የፊልሙ ከተማ ደግሞ ሙሉ በሙሉ ከእንዲህ ያለ ቁርጥራጭ የተገነባች ናት። ይህ ሁሉ በካሊፎርኒያ ደመወዝ ሲባዛ የት እንደሚደርስ ማሰብ ነው።

ወደ ውሃው እንሂድ፤ የክርክሩ እምብርት እዚህ ነው። ጸሐፊው «ፕላስቲሲን ዘይት ያለበት ስለሆነ ውሃ አያሟሟውም፤ እንግዲህ ምክንያቱ ሰበብ ነው» ይላሉ። የዓረፍተ ነገሩ የመጀመሪያ ግማሽ እውነት ነው። ፕላስቲሲንን በ1897 የፈጠረው ዊልያም ሃርበት የተባለ የሥዕል መምህር ነው፤ ያስተምርበት የነበረው ባዝ ከተማም ለብሪስቶል ጎረቤት ናት። የካልሲየም ጨው፣ ቫዝሊንና ቅባት አሲድ ተደባልቆ የሚሠራ ነው። በልጅነቱ ከጭቃ በሬና ላም የሠራ ሰው ልዩነቱን ቶሎ ይይዘዋል፤ ጭቃ ሲደርቅ ይሰነጠቃል፣ ሲርስ ይፈርሳል፤ ፕላስቲሲን አይደርቅም፣ በውሃም አይሟሟም።

ነገር ግን አሻንጉሊቱ ፕላስቲሲን ብቻ አይደለም። ውስጡ የብረት አጽም አለው፤ መጋጠሚያዎቹ ጥብቀታቸው በብሎን የሚስተካከል ድቡልቡል ኳሶች ናቸው። ውሃ ከገባባቸው ይዝጋሉ ወይም ይላላሉ፤ የላላ ክንድ ደግሞ በሁለት ምስል መካከል በራሱ ክብደት ዝቅ ይላል፣ ትዕይንቱም ይበላሻል። ልብሱ ጨርቅ ነው፣ ይመጥጣል፣ ይከብዳል። ብዙ ጊዜ አካሉም ፕላስቲሲን አይደለም፤ የ«ችክን ረን» ዶሮዎች ገላ ሲሊኮን ነበር። እርጥብ ሆኖ የዋለ ፕላስቲሲንም ያዳልጣል፣ ጣት አይዝበትም፣ አዲስ ቁራጭ አይጣበቅበትም።

ይህም ሆኖ ትልቁ ችግር አሻንጉሊቱ ሳይሆን ውሃው ራሱ ነው። ውሃ ቢወቅጡት እምቦጭ እንዲሉ፣ ውሃ የተሰጠውን ቅርጽ ይዞ አይቆይም። ሲኒማ በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ያሳያል። አኒሜተሩ አንዱን አቋም ለሁለት ፍሬም ቢያቆየው እንኳ ለአንድ ሰከንድ 12 አቋም ማዘጋጀት አለበት። በዚህ ዓይነት ሥራ አንድ አኒሜተር ቀኑን ሙሉ ደክሞ የሚያወጣው ሁለት ሦስት ሰከንድ ነው። በአንዱ አቋምና በቀጣዩ መካከል ብዙ ደቂቃ ያልፋል፤ ጀልባ የገመሰው ውሃ ያን ያህል ደቂቃ እንደተገመሰ አይጠብቅም። ስለዚህ ባለሙያዎች ያታልላሉ፤ ለእንባ ጠብታ ግሊሰሪን፣ ለፈሰሰ ሻይ ሬዚን፣ ከቧንቧ ለሚወርድ ውሃ የተጠማዘዘ ፕላስቲክ። በአንድ ትዕይንት ለአንድ ብርጭቆ ይህ ይሠራል። ዋና መንገዱ ወንዝ፣ ዋና ጠቡ የጀልባ ማሳደድ፣ መደምደሚያው ጎርፍ የሆነን ፊልም ግን በግሊሰሪን መሙላት አይቻልም።

«እውነተኛ ውሃ በትንሽ ገንዳ ለብቻው ቀርጾ ከአሻንጉሊቱ ጋር መደራረብስ?» ይባል ይሆናል። እዚህ ላይ የመጠን ሕግ ይገባል። በትንሽ ሞዴል ላይ ያለ ውሃ ከትልቅ ውሃ ይልቅ በፍጥነት ይወዛወዛል፤ ትልቅ እንዲመስል በፍጥነት ቀርጾ ዘግይቶ ማሳየት ያስፈልጋል፣ መጠኑም የመጠነ ንጽጽሩ ካሬ ሥር ነው። ሞዴሉ ከእውነተኛው 16 ጊዜ ካነሰ ካሜራው 4 ጊዜ መፍጠን፣ ማለትም በሰከንድ 96 ፍሬም መቅረጽ አለበት። የስቶፕ ሞሽን ካሜራ ደግሞ በየብዙ ደቂቃው አንድ ፍሬም ነው የሚያነሣው። ሁለቱ በአንድ ጥይት (ካሜራው ሳይቋረጥ በሚቀርጸው አንድ ቁራጭ) ሊገኙ አይችሉም። ለየብቻ ተቀርጸው ሲደራረቡ ደግሞ ስፌቱ ይታያል፤ ጀልባው ውሃውን የሚነካበት መስመር አይገጥምም፣ ነጸብራቁ ይጎድላል፣ ማዕበሉ ሲመታው አሻንጉሊቱ አይንገዳገድም። የጠብታ መጠን የሚባልም አለ፤ ውሃ ጠብታውን እንደ ሞዴሉ አያሳንስም፣ ስለዚህ በትንሽ ገንዳ ላይ የተረጨ ውሃ ወዲያው «ገንዳ ነው» ብሎ ያሳብቃል። (በአይጥ ዓለም ነገሩ ተገልብጦ መምጣቱ ይገርማል። ለአይጥ አንድ ጠብታ ጭብጥ ታክላለች፤ ውሃውን በመርከብ መጠን ቢያሰሉት የሪታ ጀልባ ግዙፍ መርከብ መስላ ታርፈው ነበር።)

ጸሐፊው በዚህ ላይ የሚያነሡት አንድ ጠንካራ ማስረጃ አላቸው፤ አርድማን በ2012 ባወጣው የባሕር ወንበዴዎች ፊልም አሻንጉሊትን ከኮምፒውተር ባሕር ጋር አጣምሯል። ትክክል ነው። ነገር ግን ሁለቱን ፊልሞች አጠገብ ለአጠገብ አስቀምጠው ይዩአቸው። በወንበዴዎቹ ፊልም ባሕሩ ከመርከቡ በታች ነው፤ ገጸ ባሕርያቱ አብዛኛውን ጊዜ መርከቡ ላይ ደርቀው ይቆማሉ፣ ስፌቱ በመርከቡ ወለልና በባሕሩ ጫፍ ላይ ብቻ ነው። በ«ፍላሽድ አዌይ» አይጦቹ በየጥቂት ደቂቃው ውሃ ውስጥ ይወድቃሉ፣ ይሰምጣሉ፣ ይጎተታሉ። እያንዳንዷ ጥይት ስፌት ትፈልግ ነበር። ግማሹን በአሻንጉሊት ግማሹን በኮምፒውተር ከመስፋት ሁሉንም በአንዱ መሥራት የሚሻልበት ቦታ አለ፤ ይህ ያ ቦታ ነው።

«ንጹሕ ፕላስቲሲን» የሚባለውም ነገር በ2006 ተረት ሆኖ ነበር። ጸሐፊው የንጽሕና ምሳሌ ያደረጉት የ2005ቱ የዋላስና ግሮሚት ፊልም ውስጥ ጭጋጉ፣ በትልቁ የመምጠጫ መሣሪያ ውስጥ የሚንሳፈፉት ጥንቸሎችም የኮምፒውተር ሥራ ናቸው። አርድማን ራሱ ከ1990ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ አጫጭር የኮምፒውተር ፊልሞችን ሲሠራ ነበር። እንዲያውም ከድሪምወርክስ ተለያይቶ ከሶኒ ጋር የሠራው የመጀመሪያ ሙሉ ፊልም፣ የ2011ዱ «አርተር ክሪስማስ»፣ ዳግመኛ ከዳር እስከ ዳር የኮምፒውተር ነው። ድሪምወርክስ አስገድዶት ከነበረ በዚያን ጊዜ ማን አስገደደው?

ሦስተኛው ክስ ዕደ ጥበቡን ይመለከታል፤ «የአርድማን ፊት የተለጠፈባቸው የሆሊውድ ገጸ ባሕርያት» የሚለው። ይህን በክርክር ሳይሆን በዓይን መፍታት ይቻላል። ፊልሙን በኮምፒውተር ላይ ቪኤልሲ በተባለው የቪዲዮ ማጫወቻ ይክፈቱት። ሮዲና ሪታ ቆመው የሚነጋገሩበት፣ ካሜራውም የማይንቀሳቀስበት ቦታ ፈልገው ያቁሙት። ከዚያ በእንግሊዝኛው ሰሌዳ የ«ኢ»ን (E) ቁልፍ አንድ በአንድ ይጫኑ፤ ምስሉ በፍሬም በፍሬም ይሄዳል። ከዚያ በዚያው ዓመት በተሠራ በማንኛውም ሌላ የኮምፒውተር ፊልም ላይ ይህንኑ ይድገሙ።

መጀመሪያ አፉን ይመልከቱ። በተለመደው የኮምፒውተር ፊልም አኒሜተሩ ሁለት አቋም ይሰጣል፣ መካከሉን ማሽኑ በለስላሳ ኩርባ ይሞላዋል፤ ከ«አ» ወደ «ም» ሲሄድ ከንፈሩ ቀስ ብሎ ሲገጥም ይታያል። በአሻንጉሊት ግን እንዲህ አይደለም፤ አኒሜተሩ የተዘጋጁ አፎች ስብስብ አለው፣ የ«አ»ን አፍ ነቅሎ የ«ም»ን ይተክላል። መካከል የሚባል የለም። «ፍላሽድ አዌይ» ይህን ሆን ብሎ ጠብቆታል፤ አፉ ከቅርጽ ወደ ቅርጽ ይዘላል። ኮምፒውተር ወደ መሟሟት ያዘነብላል፤ እንዲዘል ማድረግ ተጨማሪ ሥራ ነው።

ቀጥሎ ጠርዙን። ሕያው ሰው በካሜራ ፊት እጁን ቢያወናጭፍ እጁ ብዥ ይላል፤ የኮምፒውተር ፊልሞችም ይህን ብዥታ አስልተው ይጨምሩታል። አሻንጉሊት ግን ፎቶ የሚነሣው ቆሞ ስለሆነ በሩጫ መሃል እንኳ ጠርዙ የጠራ ነው። በዚህ ፊልም ገጸ ባሕርያቱ ሲፈጥኑም ጠርዛቸው ስለት እንደሆነ ይቆያል። ከዚያ ደግሞ ቆይታውን፤ አንድ አቋም ለሁለት ፍሬም ሲቆይ፣ ቁልፉን ሲጫኑ አንዴ ምንም አይለወጥም፣ በሁለተኛው ዘሎ ይሄዳል። ካሜራው ሲሮጥ ይህ ሕግ መላላት አለበት፤ ዳራው በየፍሬሙ እየሄደ ገጸ ባሕርዩ በየሁለቱ ብቻ ቢንቀሳቀስ ምስሉ ዓይን ላይ ይንቀጠቀጣል። የስቶፕ ሞሽን አኒሜተሮችም በሩጫና በካሜራ ጉዞ ጊዜ ወደ ነጠላ ፍሬም የሚሸጋገሩት ለዚህ ነው። ስለዚህ ፈተናውን በጀልባ ማሳደዱ ላይ አያድርጉት፤ ያሳስትዎታል።

የሰውነቱ ይዘትም አለ። ሆሊውድ ከድሮ ጀምሮ የሚወደው ገላን እንደ ላስቲክ መጨፍለቅና መሳብ ነው። ብረት አጽም ያለው አሻንጉሊት አይሳብም፤ ስሜቱን የሚያወጣው ወፍራም ቅንድቡን ወደላይና ወደታች በማንሸራተትና ዐይኖቹን በማዞር ነው። የሮዲን ቅንድብ ይከታተሉ።

ጸሐፊው ልክ የሚሆኑበት አንድ ነጥብ እዚህ አለ፣ እንስጣቸው። በዋላስ ፊት ላይ የአኒሜተሩ ጣት በነካበት ሁሉ አሻራው ይቀራል፣ ከፍሬም ወደ ፍሬም ስለሚለዋወጥም ቆዳው ሕያው ሆኖ ይርገበገባል። ይህ መርገብገብ በ«ፍላሽድ አዌይ» የለም። ቆዳው ከሚገባው በላይ ንጹሕ ነው፤ በተለይ በቅርብ ጥይት ላይ ይህ ይታያል። የጎደለው ይህ ነው፤ ከዚህ ተነሥቶ «ሁሉም ውሸት ነው» ማለት ግን አፉን፣ ጠርዙን፣ ቆይታውንና ቅንድቡን አላየሁም እንደማለት ነው። የባለሙያዎቹ ዳኝነትም ለዚህ ይመሰክራል። የአኒሜሽን ባለሙያዎች በሚሰጡት የአኒ ሽልማት ፊልሙ አምስት አሸነፈ፤ ከነዚህ መካከል የገጸ ባሕርይ አኒሜሽኑና የእይታ ውጤቶቹ ይገኙበታል። የእይታ ውጤት ማለት እዚህ በአብዛኛው ውሃ ነው።

«ተመልካች ፊቱን አዞረ» ለሚለው። ፊልሙ በመላው ዓለም ወደ 178 ሚሊዮን ዶላር አስገብቷል፤ በሰሜን አሜሪካ ብቻ ወደ 64.7 ሚሊዮን። ጸሐፊው ሁለተኛውን ቁጥር ብቻ ነው የጠቀሱት። ደግሞም እንደ ስኬት የሚያነሡት የ2005ቱ ፊልም በዚያው ገበያ ያስገባው ወደ 56 ሚሊዮን ነበር። አዎን፣ በቲኬት ገቢ «ፍላሽድ አዌይ» በአሜሪካ ከዋላስና ግሮሚት በልጧል። በሒሱ የተጻፈው ግን የዚህ ተቃራኒ ነው።

ታዲያ ኪሳራው ከየት መጣ? ሂሳቡን በግርድፉ እንሥራው። ከቲኬቱ ዋጋ ግማሽ ያህሉን ሲኒማ ቤቶቹ ያስቀራሉ፤ ከ178 ወደ 89 ገደማ ይቀራል። በጊዜው የድሪምወርክስ አኒሜሽንን ፊልሞች ያከፋፍል የነበረው ፓራማውንት 8 በመቶ የአገልግሎት ክፍያ ይወስዳል፤ ወደ 82 ወረድን። ከዚህ ላይ የማስታወቂያውና የሲኒማ ቅጂዎቹ ወጪ ይነሣል፣ ይህ ለእንዲህ ያለ ፊልም በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠር ነው። በሌላው የሚዛን ሳህን 149 ሚሊዮን ተቀምጧል። ዲቪዲና ቴሌቪዥን ጉድጓዱን እንደማይሞሉት ሲገመት ልዩነቱ በአንድ ጊዜ ከመዝገብ ይቀነሳል፣ ማለትም እንደ ኪሳራ ይጻፋል። ድሪምወርክስ አኒሜሽን ለ2006 የመጨረሻ ሩብ ዓመት የቀነሰው 109 ሚሊዮን ዶላር ነበር። ይኸው 178 ሚሊዮን በ45 ወይም በ30 ሚሊዮን በተሠራ ፊልም ላይ ቢመጣ ድግስ ይደገስ ነበር።

የቀን ምርጫውም መታየት አለበት። 2006 በአኒሜሽን የተጨናነቀ ዓመት ነበር፤ ሁለተኛው «አይስ ኤጅ»፣ የድሪምወርክስ የራሱ «ኦቨር ዘ ሄጅ»፣ «ካርስ»፣ «ሞንስተር ሃውስ»፣ «ኦፕን ሲዝን» ሁሉም ከዚህ ፊልም በፊት ወጥተው የቤተሰብን ኪስ አራግፈዋል። «ፍላሽድ አዌይ» ኅዳር 3 ቀን በአሜሪካ ሲከፈት በዚያው ዕለት «ቦራት» እና ሦስተኛው «ሳንታ ክሎዝ» ወጡ፤ በ18.8 ሚሊዮን ሦስተኛ ሆነ። ያም ቢሆን መጥፎ ጅምር አልነበረም። ልክ ሁለት ሳምንት ሲሞላው ግን «ሃፒ ፊት» መጣና የልጆቹን አዳራሽ ጠቅልሎ ያዘው። የቤተሰብ ፊልም ከአፍ ወደ አፍ ለመዛመት አራት አምስት ሳምንት ይፈልጋል፤ ይህኛው ሁለት ነው ያገኘው።

ጸሐፊው «ለኦስካር እንኳ አልታጨም» ይላሉ። ያልታጨበትን ምክንያት ግን ቢያዩት ኖሮ ይተዉት ነበር። በጊዜው በነበረው ደንብ ቢያንስ 16 ፊልሞች ብቁ ሲሆኑ እጩዎቹ አምስት፣ ከዚያ ካነሱ ሦስት ነበሩ። በዚያ ዓመት 16 ቀርበው ከመካከላቸው አንዱ የአኒሜሽን ድርሻው በቂ አይደለም ተብሎ ወደቀ። 15 ቀሩ፤ ቦታው ሦስት ብቻ ሆነ፤ «ካርስ»፣ «ሃፒ ፊት» እና «ሞንስተር ሃውስ» ያዙት። በእንግሊዙ የፊልም ሽልማት በባፍታ ግን ከሦስቱ እጩዎች አንዱ ነበር።

አሁን ወደ ትዳሩ። «ይህ ፊልም ሁለቱን ስቱዲዮዎች አፋታ» የሚለው ትረካ በየቦታው ስለሚደጋገም ቀኖቹን በቅደም ተከተል ማስቀመጥ ይጠቅማል። ሁለቱ በ«ችክን ረን» ከተጣመሩ በኋላ በ1999 መገባደጃ በ250 ሚሊዮን ዶላር ለተጨማሪ አራት ፊልሞች ተፈራረሙ፤ በ12 ዓመት ውስጥ ይጠናቀቃሉ ተባለ። የመጀመሪያው ስለ ኤሊና ጥንቸል ሩጫ ሊሆን ነበር፤ ድርሰቱ አልሰምር ብሎ በ2001 ቆመ። ስለዚህ ስንጥቁ ከ«ፍላሽድ አዌይ» አምስት ዓመት ይቀድማል። የዋላስና ግሮሚት ፊልም ኦስካር ወሰደ፤ ድሪምወርክስ ግን በአሜሪካ የጠበቀውን ስላላገኘ ለእርሱም ቢሆን ከመዝገብ ቀነሰ። በጥቅምት 2006 መጀመሪያ ኒውዮርክ ታይምስ ውሉ እንደማይታደስ ጻፈ። ፊልሙ የተከፈተው ከዚያ አንድ ወር በኋላ ነው! ጥር 30 ቀን 2007 መለያየቱ በይፋ ተነገረ፣ በዚያው ዓመት በሚያዝያ አርድማን ከሶኒ ጋር ተፈራረመ። ገና ያልተከፈተ ፊልም አስቀድሞ የተወሰነን ፍቺ እንዴት ያመጣል?

የተለያዩበት ምክንያት የሥራ ጠባይ ነው። ድሪምወርክስ አኒሜሽን ከ2004 ጀምሮ የአክሲዮን ገበያ ድርጅት ነበር፤ በዓመት ሁለት ፊልም፣ እያንዳንዱም የዓለም ክስተት መሆን ነበረበት። አርድማን አንዱን ፊልም አምስት ዓመት የሚያሽ ቤት ነው። የሽርክናው ቅሪት እንኳ በሌላ በኩል ብቅ ብሏል፤ በ2013 ድሪምወርክስ ያወጣው «ዘ ክሩድስ» መነሻው ከአርድማን ጋር ታስቦ የነበረ ፕሮጀክት ነው፣ ሲለያዩ መብቱ አሜሪካ ቀረ።

ስለ ቀልዱ። ሒሱ በአንድ ገጽ «ሆሊውድ እንግሊዛዊነቱን አጥቦ አወጣው» ይልና በሚቀጥለው «ከእንግሊዝ ሰው በቀር አይገባም» ይላል። ከሁለቱ አንዱን መምረጥ ይኖርባቸዋል። ድሪምወርክስ ቃላት ሲያስለውጥ እንደነበር አይካድም፤ በ2005ቱ ፊልም እንግሊዞች «ማሮው» የሚሉት አትክልት በአሜሪካው ቅጂ «ሜሎን» ተብሎ በድምፅ ተተክቷል። የ«ፍላሽድ አዌይ» ሴራ ግን ከሥሩ እንግሊዛዊ ነው፣ ለማንም ለመግባትም አስቸጋሪ አይደለም። ክፉው ጉርጥ አንድ ወቅት የልዑል ቻርልስ የቤት እንስሳ የነበረ፣ በአይጥ ተተክቶ በሽንት ቤት የተላከ ነው። ዕቅዱም ይህ ነው፦ እንግሊዝና ጀርመን በዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ሲጫወቱ በዕረፍት ሰዓት አገሩ ሁሉ በአንዴ ሽንት ቤት ስለሚገባ፣ በዚያ ደቂቃ የሚለቀቀው ውሃ የአይጦቹን ከተማ ያጥለቀልቃል።

ጸሐፊው ይህን «ልጅነት የተሞላ ቀልድ» ብለው አልፈውታል። መሠረቱ ግን የታወቀ የምህንድስና ጉዳይ ነው። ሐምሌ 4 ቀን 1990 እንግሊዝ ከምዕራብ ጀርመን የተጫወተችው የዓለም ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ ሲያልቅ ሕዝቡ ተነሥቶ የሻይ ማፍያውን ስለሰካ የኤሌክትሪክ ፍላጎቱ በድንገት 2,800 ሜጋ ዋት ዘለለ። ለእኛ አንባቢ ሲነጻጸር፣ ይህ 1,870 ሜጋ ዋት ያለው ግልገል ጊቤ ሦስት በሙሉ አቅሙ ሲሠራ ከሚሰጠው አንድ ተኩል እጥፍ ነው፤ ለሻይ! በዌልስ ተራራ ሥር ያለው የዲኖርዊግ የኃይል ማመንጫ ከሚሠራቸው ሥራዎች አንዱ እንዲህ ያለውን ዝላይ በሰከንዶች ውስጥ መሸፈን ነው። የጉርጡ ዕቅድ ይህንኑ ከሽቦው ወደ ቱቦው ያወረደ ነው፣ ተጋጣሚዋም ጀርመን መሆኗ እንዲሁ አልተመረጠም። ልጁ ጎርፉን አይቶ ይስቃል፣ አባትየው የግማሽ ፍጻሜውን ያስታውሳል። በየትዕይንቱ ብቅ እያሉ የሚዘምሩት ቅርፊት የሌላቸው ቀንድ አውጣዎችስ የየት አገር ቋንቋ ዕውቀት ይጠይቃሉ?

ሁለት የስም ስሕተቶችን አርመን እናብቃ። ሒሱ ፊልሙን «የኒክ ፓርክ ሥራ» ይለዋል፤ አይደለም። ኒክ ፓርክ በ2005 የወጣውን ከስቲቭ ቦክስ ጋር ነው የመራው። «ፍላሽድ አዌይ»ን የመሩት ዴቪድ ባወርስና ሳም ፌል ናቸው፤ በቦይ ውስጥ የሚዋደዱ አይጦች የሚለውን ሐሳብ በ«ችክን ረን» ሥራ ላይ ሳለ ያመነጨውም አርድማን ውስጥ አኒሜተር የነበረው ሳም ፌል ነው። ሐሳቡ ከብሪስቶል የወጣ እንጂ ከካሊፎርኒያ የተላከ አይደለም ማለት ነው። ሁለተኛው፣ «ፊልሙን የሠሩት ከዚያ ወዲያ ወደ አሻንጉሊት አልተመለሱም» የሚለው ነው። ሳም ፌል በ2012 በላይካ ስቱዲዮ «ፓራኖርማን»ን ከክሪስ በትለር ጋር መርቷል፤ ከዳር እስከ ዳር ስቶፕ ሞሽን ነው። በ2023 ደግሞ አርድማን ለኔትፍሊክስ የሠራውን ሁለተኛውን «ችክን ረን» የመራው እርሱ ነው፣ ዶሮዎቹም በእጅ አንድ ፍሬም አንድ ፍሬም እየተባሉ ነው የተንቀሳቀሱት።